እሳትና ውሃ በአንድ ጣሪያ ሥር

በዚህ ወር የማወጋችሁ ስለ አንዲት አጭር አረፍተ ነገር ነው። ሚስት ለጓደኛዋ ትላታለች፤ ባል ለሚዜው ይላታል፤ ነገሩ ከሮ ሽማግሌ ፊት ሲቀረብም ሁለቱም ይደግሟታል። "ባሕርያችን አይገጥምም።" ነገሩን ማጥበቅ ስንፈልግ ደግሞ "እሷ እሳት፣ እኔ ውሃ" እንላለን። ከዚህ በኋላ የሚጠይቅም የሚመልስም የለም። እሳትና ውሃ ከተባለ ምን ቀረ?

እኔ ግን ዛሬ "ቆይ እስቲ፣ ይህን አባባል ያመጣንበትን ትምህርት እንየው" ልላችሁ ነው። ምክንያቱም ሰውን እሳት፣ ነፋስ፣ ውሃና መሬት እያልን የምንከፍልበት አስተሳሰብ ከሰማይ ዱብ ያለ አይደለም። የቀደሙት ሊቃውንት ዓለም እንዴት እንደቆመች ያስተማሩበት ትምህርት ነው። ትምህርቱን አጥብቀን ብናየው የሚነግረን ደግሞ እኛ ከምንለው ተቃራኒውን ነው።

ስለ ስድስቱ ቀን ፍጥረት የሚናገረው መጽሐፍ አክሲማሮስ ይባላል። ቃሉ ከግሪክ የመጣ ሲሆን "ስድስት ቀን" ማለት ነው። በዚህ ትምህርት መሠረት በመጀመሪያው ቀን፣ በእሁድ፣ ከተፈጠሩት መካከል አራቱ ባሕርያት ይገኛሉ፤ እሳት፣ ነፋስ፣ ውሃና መሬት። ሊቃውንቱ ለእያንዳንዳቸው ሦስት ሦስት ጠባይ ይሰጧቸዋል። እሳት ሞቃት፣ ደረቅና ብሩህ ነው። ነፋስ ሞቃት፣ እርጥብና ጨለማ ነው። ውሃ ቀዝቃዛ፣ እርጥብና ብሩህ ነው። መሬት ደግሞ ቀዝቃዛ፣ ደረቅና ጨለማ ነው። በግእዙ ውዕየት፣ ይብሰት፣ ብርሃን፣ ርጥበት፣ ቁሪትና ጽልመት እየተባሉ ይነገራሉ።

እዚህ ላይ ወረቀትና እስክሪብቶ አንሱ። አራቱን በአራት ማዕዘን ጻፏቸውና በየሥራቸው ሦስቱን ጠባይ ዘርዝሩ። ቀጥላችሁ የሚመሳሰሉትን በመስመር አገናኙ። እሳትና ነፋስ በሙቀት ይገናኛሉ። ነፋስና ውሃ በእርጥበት ይገናኛሉ። ውሃና መሬት በቅዝቃዜ፣ መሬትና እሳት በድርቀት ይገናኛሉ። ነፋስና መሬት በጨለማ ይገናኛሉ። እሳትና ውሃስ? በብርሃን ይገናኛሉ! ውሃ የፊታችሁን መልክ ያሳያል፤ እሳትም ጨለማውን ገፎ ያሳያችኋል። ስድስት ጠባይ፣ ስድስት ጥምረት። ከአራቱ የትኞቹንም ሁለት ብትወስዱ የሚጋሩት አንድ ነገር አላቸው፤ ከአንድ በላይም የላቸውም። ዝምድና የሌለው ጥንድ ግን አታገኙም።

ይህ ቀላል ነገር አይደለም። አራቱን ባሕርያት የሚያውቀው የእኛ ሀገር ብቻ አይደለም። ከክርስቶስ ልደት በፊት በአምስተኛው መቶ ዓመት የነበረው የግሪኩ ኤምፔዶክልስ ዓለም ከእነዚሁ ከአራቱ እንደተሠራች፣ ፍቅር እንደሚያገናኛቸውና ጠብ እንደሚለያቸው አስተምሯል። ከእሱ በኋላ የመጣው አርስቶትል ለእያንዳንዳቸው ሁለት ሁለት ጠባይ ሰጣቸው፤ እሳት ሞቃትና ደረቅ፣ ውሃ ቀዝቃዛና እርጥብ እያለ። በእሱ አከፋፈል እሳትና ውሃን አንድ የሚያደርግ ምንም ነገር የለም። በእኛ ሊቃውንት ትምህርት ውስጥ ግን ሦስተኛ ጠባይ አለ። ጠበኞች የሚመስሉት ሁለቱ የሚታረቁትም በዚያች በሦስተኛዋ ነው።

እንግዲህ "እሷ እሳት፣ እኔ ውሃ" ስትሉ በአባቶቻችሁ ትምህርት መሠረት የተናገራችሁት "የሚያገናኘን ብርሃን አለ" የሚል ነው። አላወቃችሁትም እንጂ!

"ኮከብስ?" የምትሉ እንደማትጠፉ አውቃለሁ። የዐውደ ነገሥት ቆጣሪው የሰውየውንና የእናቱን ስም ፊደል ቆጥሮ በ12 ይገድፍና ኮከቡን ይነግረዋል። ሐመል፣ አሰድና ቀውስ የእሳት ናቸው። ሠውር፣ ሰንቡላና ጀዲ የመሬት፣ ገውዝ፣ ሚዛንና ደለዊ የነፋስ፣ ሸርጣን፣ አቅራብና ሑት የውሃ ይባላሉ። በዚህ የተነሳ ስንት እጮኛሞች ሳይጋቡ ቀርተዋል! ነገር ግን ያው የሊቃውንቱ ትምህርት ሌላም ነገር ይላል። ሰው የተፈጠረው ከአራቱም ነው። ሥጋችን ከእሳትም፣ ከነፋስም፣ ከውሃም፣ ከመሬትም ነው። በዚያ ላይ ሦስት የነፍስ ባሕርያት ተጨምረውልናል፤ ማሰብ፣ መናገርና ሕያው መሆን። አራት ሲደመር ሦስት፣ ሰባት ባሕርያት ማለት ነው። ስለዚህ እሳት ብቻ የሆነ ሰው የለም፤ ውሃ ብቻ የሆነችም ሚስት የለችም። አንዱ ሊያይል ይችላል እንጂ ሌሎቹ ሦስቱ ውስጣችን አሉ።

አሁን ወደ ጓዳ እንግባ። ይህ የሊቃውንቱ ሳይሆን የእኔ ምሳሌ ነው። ውሃን እሳት ላይ ብትደፉት ምን ይሆናል? እሳቱ ይጠፋል፤ ውሃውም ጭስ ሆኖ ይበናል፤ የሚተርፈው አመድ ነው። ድስት መሐላቸው ብታስገቡስ? ያው እሳት፣ ያው ውሃ፣ ግን ወጥ ይሠራል። ድስቱ ከሸክላ ነው፤ ሸክላው ከመሬት ነው። መሬት ከእሳት ጋር ድርቀትን፣ ከውሃ ጋር ቅዝቃዜን ይጋራል። ከሁለቱም ወገን ዘመድ ስለሆነ መሐል መቆም ቻለ። የእኔ ድስት ብረት ነው የምትሉም ብረቱ የወጣው ከመሬት ነውና አታመልጡኝም።

እንጀራንም ተመልከቱ። ዱቄቱ የመሬት ፍሬ ነው፤ በውሃ ይቦካል፤ ኩፍ የሚያደርገው ውስጡ የሚፈጠረው አየር ነው፤ የሚበስለው በእሳት ነው። በመሐሉ ግን እናቶቻችን አብሲት የሚሉት ሥራ አለ። ከቦካው ሊጥ ትንሽ ይቀነስና በፈላ ውሃ ይበስላል፤ ከዚያ ተመልሶ ከሊጡ ጋር ይቀላቀላል። ያን ጊዜ ሊጡ ይነሳል፤ እንጀራውም ጥሩ ዓይን ያወጣል። ሊጡ በሙሉ አልፈላም፤ ጥሬ እንደሆነም አልቀረም። ከራሱ ትንሽ ቆርሶ እሳቱን አስቀመሰ፤ ያ ትንሹ የቀረውን ለምጣዱ አዘጋጀው። መላመድ ማለት ይኸው ነው። ሁለመናን መለወጥ ሳይሆን ከራስ ጥቂት ቆርሶ የሌላውን ሙቀት ማስቀመስ።

እኔ ሙያዬ ማርኬቲንግ ነው። ከፍኖተ ሰላም ቡሬ፣ ከቡሬ ወደ ገጠር ቀበሌዎች ስመላለስ ይህንኑ ነገር ገበያ ውስጥ አያለሁ። የደጋው ሰው ድንቹንና ገብሱን ይዞ ይወርዳል። ሞቅ ካለው አገር የመጣው በርበሬውንና በቆሎውን ዘርግቶ ይጠብቀዋል። ሁለቱም በርበሬ ይዘው ቢመጡ ገበያው ምን ይረባል? የሚያገበያያቸው ልዩነታቸው ነው። ግን ልዩነት ብቻውንም ገበያ አያቆምም። አንድ የጋራ ነገር ያስፈልጋል፤ ሁለቱም የሚያምኑት ሚዛን። ሚዛኑ ከተጭበረበረ ደገኛው ድንቹን ተሸክሞ ይመለሳል። ትዳርም እንዲሁ ነው። ልዩነቱ ይጠቅማል፤ ሁለቱም የሚያምኑት አንድ ሚዛን እስካለ ድረስ።

ይህ አገር ራሱ መላመድን የሚያስተምር አገር ነው። ፍኖተ ሰላም የቀድሞ ስሟ ወጀት ነበር። ዓፄ ኃይለ ሥላሴ በ1933 ዓ.ም ከስደት በጎጃም በኩል ሲመለሱ ያለፉበት መንገድ ነውና ከዚያ በኋላ "የሰላም መንገድ" ተባለች። ስሟ ተለወጠ፤ መሬቷና ሰዎቿ ግን ያው ናቸው። ቡሬም ወደ ባሕር ዳርና ወደ ነቀምት የሚወስዱ መንገዶች የሚገናኙባት የንግድ ከተማ ሆና ኖራለች። ዛሬ ደግሞ የተቀናጀ አግሮ ኢንዱስትሪ ፓርክና በ2013 ዓ.ም የተመረቀ የፊቤላ የምግብ ዘይት ፋብሪካ አላት። ትናንት በበሬ ያረሰ ቤተሰብ ልጅ ዛሬ በሽፍት ይገባል፤ ሌሊት ሠርቶ ቀን ይተኛል። ሚስቱ ደግሞ ቀን ትሠራለች። እነዚህ ሁለት ሰዎች በአንድ ቤት ለመኖር አዲስ ነገር መማር አለባቸው፤ አያቶቻቸው ያላወቁትን።

አባይንም አስቡት። ከሰከላ፣ ከግሽ ዓባይ ይነሳል። ግልገል አባይ ተብሎ ወደ ሰሜን ይሄድና ጣና ይገባል። በባሕር ዳር በኩል ይወጣል፤ ከዚያ ጎጃምን ዙሪያውን አቅፎ ይዞርና ከቡሬ ወደ ነቀምት ስትወርዱ ድልድይ ሥር እንደገና ታገኙታላችሁ። ተራራው ባያሳልፈው ዞረ፤ ሐይቅ ቢገጥመው ሰፋ፤ ገደል ቢያገኝ ጠበበ። ውሃነቱን ግን አልጣለም። የሚላመድ ሰው እንደዚህ ነው፤ መንገዱን ይለውጣል፤ ማንነቱን አይሸጥም።

ውድ አንባቢያን፣ ወደ ዋናው ጉዳይ የመጣሁት አሁን ነው። በእኛ ቤት "መላመድ" የሚለው ቃል ብዙ ጊዜ የሚነገረው ለአንድ ሰው ብቻ ነው። ሙሽራዋ ከቤት ስትወጣ "ቻይው ልጄ፣ ውሃ ሁኚ" ተብላ ትመከራለች። ሙሽራውን "አንተም ትንሽ ውሃ ሁን" የሚለው ማን ነው? እኔ በሄድኩባቸው ሠርጎች እምብዛም አልሰማሁም። ከዚያ በኋላ የሚሆነውን ታውቁታላችሁ። አንዷ ትለማመዳለች፤ ሌላው ይለመድለታል። ይህ መላመድ አይደለም፤ መጥፋት ነው።

የአራቱ ባሕርያት ትምህርት ይህን አይደግፍም። ውሃ ከእሳት ጋር የምትገናኘው ከሦስቱ ጠባይዋ በአንዷ ብቻ ነው። ቅዝቃዜዋና እርጥበቷ ከእሷ ጋር ይቀራሉ። እሳትም እንዲሁ ሙቀቱንና ድርቀቱን ይዞ ይቀራል። ውሃዋ ለመስማማት ብላ ሞቃትና ደረቅ ብትሆን ኖሮ ዓለም ላይ ሁለት እሳት ይኖር ነበር እንጂ ስምምነት አይኖርም ነበር። ሁለት እሳት ደግሞ ቤት ያቃጥላል። አንዱን ተጋሩ፣ ሁለቱን ጠብቁ። ከዚህ ትምህርት ለትዳር የሚሆን አንድ ምክር ውሰዱ ብትሉኝ ይህንን እሰጣችኋለሁ።

ሕጋችንም ወደዚሁ ሐሳብ የደረሰው በጊዜ ነው። በ1952 ዓ.ም የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ባልን የቤተሰቡ ኃላፊ አድርጎ ሚስት ልትታዘዘው ይገባል ይል ነበር። በ1992 ዓ.ም የወጣው የተሻሻለው የፌዴራል የቤተሰብ ሕግ ይህን ሽሮ ባልና ሚስት ቤተሰባቸውን በእኩልነት እንዲመሩ ደነገገ። የአማራ ክልልም በ1995 ዓ.ም የራሱን የቤተሰብ ሕግ አውጥቷል። ወረቀቱ ተለውጧል። የሠርግ ቤት ምክራችን ግን ገና ወረቀቱ ላይ አልደረሰም።

አንድ ነገር ደግሞ በግልጽ ልበል። ዱላ ባሕርይ አይደለም። "እሱ እሳት ስለሆነ ነው፣ ሲበርድለት ጥሩ ሰው ነው" የሚባል ምክንያት አይሠራም። በ1996 ዓ.ም የወጣው የወንጀል ሕግ በትዳር አጋር ላይ የሚፈጸምን ጥቃት ወንጀል አድርጎታል። መላመድ የሚባለው ሁለት ሰዎች በሰላም ሲኖሩ ነው። ፍርሃት ባለበት ቤት "ተላመጂ" ማለት እሳቱ ላይ ያለ ድስት ውሃ መድፋት ነው፤ የሚተርፈው አመድ ብቻ ነው። እንዲህ ያለ ቤት ውስጥ ያላችሁ፣ መጀመሪያ ራሳችሁንና ልጆቻችሁን አድኑ፤ የባሕርዩ ወሬ ይቆይ።

ሰላም ላለው፣ ግን መግባባት ለጠፋበት ቤት ደግሞ አንድ የማውቀውን ላጫውታችሁ። ባልና ሚስት ናቸው፤ የሚኖሩት ቡሬ ነው። እሷ የተሰማትን ወዲያው ትናገራለች፤ እሱ ሦስት ቀን ዝም ይላል። እሷ ዝምታውን ንቀት ታደርገዋለች፤ እሱ ንግግሯን ጠብ ያደርገዋል። ጎረቤታቸው የሆኑ አንዲት እናት ሁለቱንም ቡና ጠሩና ባልየውን እንዲህ አሉት፦

"በል ልጄ፣ ጥፋቷን አትንገረኝ፤ እሱን ስሰማው ከርሜያለሁ። ከእሷ ጋር የምትመሳሰልበትን አንዲት ነገር ብቻ ንገረኝ።"

ልጁ ብዙ አሰበ። ከዚያ "እትዬ፣ ሁለታችንም ብድር አንወድም" አላቸው።

ሚስቱ ሳቀች። "እውነቱን ነው እትዬ፤ ብድር ካለብን ሁለታችንም እንቅልፍ የለንም።"

"በቃ፣ ከእሷ ጀምሩ" አሏቸው እናቲቱ።

ጀመሩ። ቅዳሜ ማታ ማታ ተቀምጠው የሳምንቱን ወጪና ገቢ ይጽፋሉ። ሲጽፉ እሱ ይናገራል፤ ቁጥር ላይ ዝምታ አያዋጣምና። እሷም ትጠብቀዋለች፤ ሲደምር ከተቋረጠ ይሳሳታልና። ከሒሳቡ ቀጥሎ የልጃቸው ትምህርት ቤት፣ ከዚያ የእናቱ ሕመም፣ ከዚያ የልባቸው ነገር መጣ። እሱ ዛሬም ዝምተኛ ነው፤ እሷም ዛሬም ተናጋሪ ናት። ማንም ሌላውን አልሆነም። ግን የብድር ጥላቻ ብርሃን ሆነቻቸው። ማን ያስበዋል?

የእናቲቱንም ቦታ ልብ በሉ። ድስቱ እሳቸው ናቸው። እንደ ልጁ ረጋ ያሉ ናቸው፤ እንደ ልጅቷ ደግሞ እቅጩን ይናገራሉ። ከሁለቱም አንድ አንድ ነገር ይጋራሉ። ሽማግሌ ስትመርጡ ይህን አትርሱ። የእናንተ ወገን ብቻ የሆነ ሰው ሌላ እሳት ወይም ሌላ ውሃ ነው፤ ሸክላ አይሆንም። ዕድሜና ጋቢ ብቻውን ሽማግሌ አያደርግም፤ ከሁለቱም ጋር ዝምድና ያለው ነው ሽማግሌ።

ለልጆችም ይሠራል። አንዱ ልጃችሁ ቤቱን ሲያምስ ይውላል፤ ሌላዋ ጥግ ይዛ መጽሐፍ ታያለች። "እንደ እህትህ ለምን አትሆንም?" ስትሉት አንዱን ባሕርይ ሌላ ሁን ማለታችሁ ነው። ይልቅ የሚጋሩትን ፈልጉ። ሁለቱም ተረት ይወዱ ይሆናል፤ ሁለቱም አያታቸውን ይወዱ ይሆናል። በዚያች በአንዷ በኩል አገናኟቸውና ሁለቱን ሁለቱን ተዉላቸው።

የጎጃም ቅኔ ቤቶች፣ በተለይም ስሙ የገነነው ዋሸራ፣ ለዘመናት ያስተማሩት ጥበብም ከዚህ አይርቅም። ባለቅኔው ሰሙንና ወርቁን የሚያገናኘው በአንድ ኅብር ቃል ነው። ሰሙ ሌላ፣ ወርቁ ሌላ፤ ቃሉ ግን አንድ። ሰሙ ወርቅ አይሆንም፤ ወርቁም ሰም አይሆንም። ቃሏን ያላገኘ ተማሪ "ይህ ቅኔ ፍቺ የለውም" አይልም፤ ቁጭ ብሎ ይፈልጋል እንጂ።

እኛስ? ማታ ልጆቹ ሲተኙ፣ ያን ወረቀት እንደገና አውጡት። እናንተ ሦስት ጠባያችሁን ጻፉ፤ የትዳር አጋራችሁም ሦስት ይጻፍ። ስለ ራሳችሁ እንጂ አንዱ ስለ ሌላው አይጻፍ፤ አለበለዚያ ወረቀቱ ክስ ይሆናል። ከዚያ የሚገናኘውን ፈልጉ። በመጀመሪያው ማታ ካልተገኘ በሁለተኛው ይፈለግ። አራቱ ባሕርያት የሚጋሩት ተሰጥቷቸው ነው፤ እኛ ግን ማሰብና መናገር ስለተጨመረልን ፈልገን የማግኘት ዕድል አለን። እሳት ለውሃ "በምን እንገናኝ?" ብሎ መጠየቅ አይችልም። እናንተ ትችላላችሁ።